ለንቦቹ የተነገረው ስም

ኦማሩ፣ ኒውዚላንድ
ፌብሩዋሪ 9 ቀን 1958

ለተከበሩ አክስቴ ለወይዘሪት ሄስተር ሃርከር፣

ይህ ደብዳቤ ምድጃዎ ሞቆ፣ ጣሪያዎ ሳያፈስ፣ ጉልበትዎም ደረጃ ለመውጣት በርትቶ እንዲያገኝዎ ከልቤ እመኛለሁ። እኛ እዚህ የበጋው ሐሩር ሣሩን ቢያቃጥለውም እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን።

መቼም በመልክ አያውቁኝም። የአጎትዎ ልጅ የኤርነስት ልጅ፣ ክሊፎርድ ነኝ። በየዓመቱ የገና ካርድ የምንልክልዎ፣ እርስዎም «ደርሶኛል፤ በረዶ ነው» ብለው የሚመልሱልን እኛ ነን።

አባቴ ማረፉን አምና ጽፌልዎ ነበር። ያልጻፍኩት አንድ ነገር አለ። በመጨረሻዎቹ ቀናት ክሊፎርድ ብሎ መጥራቱን ትቶ «ተርስታን» ይለኝ ጀመር። «ተርስታን፣ ያንን ድንጋይ አቀብለኝ» ይለኛል። እኔም ድንጋይ ስለሌለኝ ትራሱን አቀብለዋለሁ። ተቀብሎ ያገላብጠዋል፣ ከጎኑ ያስቀምጠዋል፣ ይረካል። ማን እንደሆነ ስጠይቀው ፊቱን ወደ ግድግዳው ያዞራል።

አሁን ባለቤቴ ሜርል ነፍሰ ጡር ናት። ተስፋ ቆርጠን ከተውነው በኋላ ነው የመጣው። ሐኪሙ ለጁላይ ብሎናል። ወንድ ከሆነ ተርስታን ብንለውስ ብዬ አማከርኳት። «ምን ማለት ነው?» አለችኝ። አላውቅም አልኳት። «የማታውቀውን ነገር ነው ልጅ ላይ የምትለጥፈው?» አለች። እውነቷን ነው። ጎረቤታችን ደግሞ ስሙን ስትሰማ የምን ሳል መድኃኒት ነው ብላ ጠየቀች።

ስለዚህ በትሕትና የምጠይቅዎ ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፣ የስሙን ትርጉም። ሁለተኛ፣ በስሙ የተጠሩት ሰዎች ምን ዓይነት ሰዎች እንደነበሩ። ሜርል የምትፈልገው ሁለተኛውን ነው።

አክባሪዎ
ክሊፎርድ


ካርስዌይት፣ ዮርክሺር
ማርች 2 ቀን 1958

ለውድ ክሊፎርድ፣ ላላየኋትም ግን ከወዲሁ ለማከብራት ለሜርል፣

ሰላምታዬ እዚህ ከሚነፍሰው ነፋስ ተርፎ ይድረሳችሁ። ለመልካም ምኞትህ አመሰግናለሁ። ጉልበቴ ደረጃ ይወጣል፤ ለምን እንደወጣሁ ግን ላይ ስደርስ እረሳለሁ። ሜርልን ፈጣሪ በሰላም ያገላግላት።

ስለ ስም ትርጉም የጠየቀኝ ሰው አንተ የመጀመሪያው ነህ። በዚህ አገር ሰው ስሙን የሚይዘው እንደ ባርኔጣ ነው፤ ያደርገዋል እንጂ ውስጡ የተጻፈውን አያነብም። መምህርት ሆኜ በኖርኩበት ዘመን ሁሉ አንድም ልጅ «ስሜ ምን ማለት ነው» አላለኝም። «መቼ ነው የምንወጣው» ያለኝ ግን ብዙ ነው።

ተርስታን የሰሜን ሰዎች ስም ነው። በመርከብ መጥተው አያቶቻችንን ዘረፉ፣ ቀጥለው አገቡ፣ በመጨረሻም ራሳቸው አያቶቻችን ሆነው ቀሩ። ትርጉሙ የቶር ድንጋይ ነው። ቶር የነጎድጓድ አምላካቸው ነበር። የአሁኑ ቄሳችን ለክርስትና የሚመች ስም አይደለም ባይ ናቸው። ከብዙ መቶ ዓመት በፊት ግን በዚሁ ስም የሚጠራ ሊቀ ጳጳስ ዮርክ ላይ ተቀምጦ ነበርና ክርክራቸውን ከሊቀ ጳጳሱ ጋር ይጨርሱ።

ወደ ሰዎቹ ልምጣ። እኔ የማውቃቸው ተርስታኖች ሦስት ናቸው።

የመጀመሪያው ቅድመ አያቴ ነው። ከቤታችን በላይ ያለውን ተራራ የሚወጣውን የድንጋይ ካብ የካበ እሱ ነው። ካቡ በመስመር እየሄደ ሳለ ቤት የሚያህል ቋጥኝ ከፊቱ ገጠመው። ሰው ሁሉ በጎን አዙረው አለው። እሱ ግን ካቡን ቋጥኙ ላይ አውጥቶ በማዶው አወረደው። ዛሬም አለ። በጎቹ እስካሁን ቆመው ያዩታል።

ሁለተኛው የአባቴ አጎት ነው። መዝሙር በዝግታ ነው የሚዘመረው ብሎ ከቄሱ ጋር ተከራከረ። ቄሱም አልሰሙትም፣ እሱም አልተወም። ከዚያ በኋላ ዕድሜውን በሙሉ እሁድ እሁድ በራሱ ፍጥነት ዘመረ። ምእመናኑ ዘምረው ይጨርሱና ተቀምጠው ይጠብቁታል። ሲሞት አዲሱ ዝምታ ስላልተለመደ በየመዝሙሩ መጨረሻ ትንሽ ይጠብቁ ነበር ይባላል።

ስሙ ነው ሰውን እንዲህ የሚያደርገው ወይስ ወላጅ ልጁን አይቶ ነው ስም የሚያወጣው የምትል ከሆነ፣ እኔም አስቤበት መልስ አላገኘሁም። የአንድ ቀን ልጅ ሁሉ ድንጋይ ነው የሚመስለው።

ሦስተኛው ወንድሜ ነበር። ጎበዝ ካቢ ነበር። ወረቀቱ እያለቀ ነው።

አንድ ነገር ግን መናዘዝ አለብኝ። በእኛ ቤት የተወለደ፣ ያገባ፣ የሞተ ሁሉ ለንቦቹ እንደሚነገር አባትህ ነግሮህ ይሆናል። ያልተነገራቸው ንቦች ይቀየማሉ፤ ወይ ማር ይነፍጋሉ፣ ወይ ጥለው ይሄዳሉ። እኔ የተማርኩ ሴት ነኝ፣ በዚህ አላምንም፤ ሳልነግራቸው ቀርቼም አላውቅም። ደብዳቤህ የደረሰ ዕለት የቤቱን ቁልፍ ይዤ ወጣሁ፣ ቀፎዎቹን በቁልፉ አንኳኳሁና «ተርስታን ይመጣል» አልኳቸው። ማሰብ የጀመርኩት ከተናገርኩ በኋላ ነው። ገና አልተወለደም፤ ወንድ መሆኑ አልታወቀም፤ እናቱም አልተስማማችም። የሞተውን ዘግይቶ ለንብ የነገረ በዚህ ሸለቆ ብዙ አለ። ያልተወለደውን አስቀድሞ የነገረ ግን የመጀመሪያዋ እኔ ሳልሆን አልቀርም።

ሴት ከሆነች ምን እንደምላቸው አላውቅም።

አክስትህ
ሄስተር


ኦማሩ
ማርች 30 ቀን 1958

ለተከበሩ አክስቴ፣

በእርስዎም በንቦችዎም ላይ የጸደዩ ፀሐይ ይውጣ። እኛ ደህና ነን። ሜርል ከእግሯ ማበጥ በቀር ምንም አልሆነችም፤ እግሯንም የምትነግረኝ እኔ ስቀመጥ ነው።

ደብዳቤዎን እራት ላይ ጮክ ብዬ አነበብኩላት። ስለ ዘማሪው ስትሰማ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። አሁን ሆዷን «ዘማሪው» ነው የምትለው። ለንቦቹ ስለነገሩት ነገርም አልተቆጣችም። «እኔ ሳልፈቅድ ለነፍሳት ነገሩ ማለት ነው?» ብላ ሳህኔን አነሳችና «በሉ እሺ፣ ንቦቹን እንዳናሳፍራቸው» አለች። ከሜርል አፍ ይህ ግማሽ እሺታ ነው።

ግን ትቆጥራለች። ሱፍ መጋዘኑ ውስጥ የምሠራው እኔ፣ የምትቆጥረው እሷ። «ሦስት ብለው ሁለት ነው የነገሩን» አለች። ወረቀቱ አልቆባቸው ነው ብላት «ሌላ ወረቀት ይግዙ» አለችኝ።

እንዲረዱልኝ አንድ ነገር ልጨምር። ሜርል ስም ስትመርጥ አፏ ላይ ደርሶ የምትመልሰው አንድ ስም አለ። ሮይ። ታናሽ ወንድሟ ነበር። በጦርነቱ ጊዜ ጣሊያን ውስጥ በአንድ የጦር ክፍል አብረን ነበርን፤ እሱ እዚያው ቀረ። እኔ ከሜርል ጋር የተዋወቅሁት የእጅ ሰዓቱን ላደርስ ቤታቸው ሄጄ ነው። ሰዓቱን ሰጥቼ ሻይ ጠጣሁ፤ ይኸው እስከ ዛሬ አልወጣሁም። ሮይ እንበለው ብላ አታውቅም። እኔም አልጠየቅኋትም። እያንዳንዱን ስም ስትሰማ ግን ከሱ ጋር አስተያይታ እንደምታስቀምጠው አያለሁ።

ስለዚህ ሦስተኛውን ይንገሩን። አባቴ የሚጠራው እሱን ይመስለኛል።

አክባሪዎ
ክሊፎርድ


ካርስዌይት
ኤፕሪል 20 ቀን 1958

ለውድ ክሊፎርድና ሜርል፣

ሰላምና ጤና ለቤታችሁ። የሜርልን እግር በጨው ውሃ መንከር ይረዳል ይላሉ፤ ይረዳ አይረዳ አላውቅም፣ ቢያንስ ያስቀምጣል።

ሌላ ወረቀት ገዝቻለሁ።

ይህን ደብዳቤ ብዙ ቀን አቆየሁት። ዝም ብል ስሙን ታወጡለት ነበር፤ ይህ ከሜርል ሳቅ ገብቶኛል። ለእኔም ከዚህ በላይ የምመኘው የለም። ነገር ግን በሌላ ስም ቢሆን ዝምታው ያስኬደኝ ነበር፤ ይህ ስም በዝምታ የሚገኝ ስም አይደለም።

ሦስተኛው ተርስታን በ1916 ዝመት ሲባል አልዘምትም አለ። ሃይማኖቱ ከልክሎት አይደለም፤ ቤተ ክርስቲያን የሚሄደው እናታችን ስትቆጣ ብቻ ነበር። ፖለቲካም አያውቅም። «ሰው አልገድልም» አለ፣ ሌላ ቃል አልጨመረም። ለምን ሲሉት መልሶ ያንኑ ይላል።

ገበያው ያለበት ከተማ ወስደው ችሎት አቀረቡት። ከፈራጆቹ አንዱ ሥጋ ነጋዴ ነበር። «አንድ ጀርመን እህትህን ሊያጠቃ ቢመጣ ምን ታደርጋለህ?» ብሎ ጠየቀው። ተርስታን ዞር ብሎ አየኝ። ለረጅም ጊዜ አሰበ። «የማዝነው ለጀርመኑ ነው» አለ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳቅሁ። ከዚያ ፈረዱበት።

መጀመሪያ አሰሩት፤ ቀጥሎ እስኮትላንድ ወስደው ድንጋይ እንዲፈልጥ አደረጉት። ሌላውን ሰው በድንጋይ መቅጣት ይቻል ይሆናል። እሱ «ድንጋዩ ጥሩ ነው፤ አፈላለጣቸው ነው የሚያናድደኝ» ብሎ ጻፈልኝ። የቀጣው ድንጋዩ ሳይሆን እርጥቡ ድንኳን ነው። በ1919 እያሳለ መጣ። በቀጣዩ ዓመት፣ በጎች በሚወልዱበት ወር ሞተ።

ሣጥኑን የሚሸከም ጠፋ። በየቤቱ ከጦርነቱ ያልተመለሰ ልጅ ነበርና አልፈርድባቸውም። አባቴና እኔ፣ ወሬውን ሰምተው ከማዶ ሸለቆ የመጡ ሁለት የማናውቃቸው ሰዎችም፣ ተሸከምነው። ስንመለስ ቀፎዎቹ ላይ ጥቁር ጨርቅ አሰርኩና ነገርኳቸው። ለቅሶ የደረሱን እነሱ ብቻ ነበሩ።

ቀጥሎ በመንደሩ መሐል ለሞቱት የመታሰቢያ መስቀል ቆመ። የወንድሜ ስም እዚያ የለም። እንዲገባም ጠይቄ አላውቅም፤ እነዚያ ልጆች የሞቱት በሌላ መንገድ ነው፣ እናቶቻቸውም እዚያው መንደር ነበሩ። ከዚያ ወዲህ በዚህ ሸለቆ ልጁን ተርስታን ያለ ሰው የለም። ስሙ ስላረጀ እንዳይመስላችሁ፤ ከእሱ የባሱ ስሞች ሲወጡ በተማሪዎች መዝገቤ አንብቤአለሁ። ሰው እፊቴ ስሙን አይጠራም። እኔም የምጠራው ለንቦች ነው። እኔ ስሄድ የሚጠራው አይኖርም።

ስለ አባትህ የማውቀውን ልንገርህ። ካብ በሁለት ሰው ነው የሚካበው፤ አንዱ ከወዲህ፣ አንዱ ከወዲያ ሆኖ ድንጋይ እየተቀባበሉ። ኤርነስት ወደ እናንተ አገር እስኪሄድ ድረስ ከወዲያ የሚቆመው እሱ ነበር። ጦርነቱ ሲመጣ ከእናንተ ሠራዊት ጋር ዘመተና «ና፣ እዚህም አብረን እንሁን» ብሎ ለተርስታን ጻፈለት። ተርስታን «አልችልም። ራስህን ጠብቅ» ብሎ መለሰ። ከዚያ በኋላ አልተጻጻፉም። ማን ማንን እንደተቀየመ አላውቅም። ምናልባት ሁለቱም ሌላው እንደተቀየመ አስበው ይሆናል።

ትራሱን ስላቀበልከው አመሰግንሃለሁ።

ሜርል፣ የወንድምሽን ነገር ካወቅሁ በኋላ ይህን መጻፍ ቀላል አልነበረም። አንቺ የምትወስኚውን ለመቀበል ዝግጁ ነኝ። ንቦቹ ግን ገና አልተዘጋጁም።

ሄስተር


ኦማሩ
ሜይ 25 ቀን 1958

ለተከበሩ አክስቴ፣

እንደምን ሰነበቱ። ስለዘገየሁ ይቅርታ ያድርጉልኝ።

ደብዳቤዎ ደርሶናል። የደረሰውም እዚህ በየዓመቱ ጎህ ሲቀድ ለጦርነቱ ሙታን ከምንሰበሰብበት ቀን ቀጥሎ ነው። ጊዜው አልተመቸም። ሜርል አነበበችው፣ ደግማ አነበበችው፣ አጥፋ ከምድጃው በላይ ካለው ሰዓት ጀርባ አስገባችው። ሆዷንም «ዘማሪው» ማለቷን ትታለች። ስለ ስም ላነሳ ስል ድንቹ ያርራል ትለኛለች። ድንቹ ግን ገና አልተጣደም።

እኔ በበኩሌ አስቤበታለሁ። ጣሊያን ጭቃ ውስጥ ሳለን ሰው አልገድልም ያለ ሰው ቢያጋጥመኝ ምን እለው ነበር? ሻዬን አካፍለው ነበር መሰለኝ። ግን ይህን ለማለት መብቱ ያለው ቤት የተመለሰ ሰው ነው፤ ሮይ አልተመለሰም። ስለዚህ ለሜርል አልነገርኳትም።

ተስፋ እንዳያደርጉ ነው የምጽፍልዎ። ንቦቹንም ቀስ አድርገው ቢያዘጋጇቸው ጥሩ ነው።

የወንድምዎ ፎቶግራፍ ካለ ግን ይላኩልኝ። ስሙን ለማውጣት ሳይሆን አባቴ ማንን ድንጋይ እንደጠየቀ ለማየት ነው።

አክባሪዎ
ክሊፎርድ


ካርስዌይት
ጁን 22 ቀን 1958

ለውድ ክሊፎርድ፣

ሜርልን ሳትቀሰቅሳት ሰላም በልልኝ።

ፎቶግራፉ እዚሁ አብሮ አለ። የበግ ገበያ ዕለት የተነሳ ነው። ከግራ አባትህ፣ ከቀኝ ወንድሜ። ወንድሜ ወደ ካሜራው ያላየው አፍሮ አይደለም፤ ከፎቶ አንሺው ጀርባ ያለው ካብ ጎብጦ ነበር። ሌላ ቅጂ የለኝምና ጠብቀው። እዚህ እኔ መልኩን አልረሳውም፤ እዚያ ግን የሚያስታውሰው የለም።

እንደመከርከኝ ንቦቹን ለማዘጋጀት ወሰንኩ። ሐሙስ ጠዋት ቁልፉን ይዤ ወጣሁና «ተርስታን አይመጣም። ሌላ ልጅ ይመጣል፤ እሱም የእኛው ነው» አልኳቸው። እውነት ለመናገር ድምፄ እንደ አስተማሪ አልነበረም። ከሰዓት በኋላ የትልቁ ቀፎ ንቦች ወጡ።

በጁን ንብ መውጣቱ የተለመደ ነው። ቀፎው ሲጠበው አሮጊቷን ንግሥት ይዞ ይወጣል፤ መጽሐፍ ሁሉ የሚለው ይህንኑ ነው፣ እኔም ለልጆች ያስተማርኩት ይህንኑ ነው። ሆኖም እንደተቀየሙብኝ አውቄአለሁ። ድስትና ማንኪያ አንስቼ እየደበደብኩ ተከተልኳቸው፤ ባለቤት ነኝ ባይ ድስት እየመታ ካልተከተለ ንቡ የማንም ነው። ጡረታ የወጣች መምህርት ድስት እየመታች በመንደሩ መሐል ስትሮጥ ያያት ሁሉ ከቤቱ ወጣ። ድሮ ያስተማርኳቸው በተለይ።

ንቦቹ የሰፈሩት የት መሰለህ? መታሰቢያው መስቀል ላይ። በአንዱ ክንፉ እንደ ጺም ተንጠለጠሉ፤ የስሞቹንም ራስጌ ሸፈኑት። ከመጠጥ ቤቱ የወጡት ወንዶች ብርጭቋቸውን እንደያዙ ከሩቅ ይመክሩኝ ጀመር። አንዱ ጭስ ይላል፣ አንዱ ውሃ ይላል፣ አንዱ ቄሱን ጥሩ ይላል። የገለባ ቅርጫቴንና መሰላል አመጣሁ። መሰላሉ ይወዛወዛል፤ የሚይዝልኝ የለም።

አሞስ ካልቨርት መጣ። እሱን ሳታውቅ ነገሩ አይገባህም። የቤተ ክርስቲያኑ ተጠሪ ነው፣ ከጦርነቱ አንድ ጆሮው ደንቁሮ ነው የተመለሰው፤ የወንድሙ ስም ግን መስቀሉ ላይ ነው። ያን ጊዜ ሣጥኑን አልሸከምም ካሉት የመጀመሪያው እሱ ነበር። ከዚያ ወዲህ ባርኔጣውን ነካ ያደርግልኛል፣ አለቀ። ንብ ደግሞ እንደ እሳት ይፈራል።

መጥቶ መሰላሉን ያዘ።

«ንብ ትፈራለህ እኮ» አልኩት።

«እፈራለሁ። ውጪ፣ ቶሎ በይ።»

ወጣሁ። ቅርጫቱን ከሥራቸው አድርጌ ክንፉን በጡጫ መታሁት፤ እንደ ገንፎ ዱብ አሉ። የካልቨርት ወንድም ስም ተገለጠ። አሞስ ዓይኑን ጨፍኖ ነበር።

«ምን ሆነው ነው የወጡት?» አለ እንደጨፈነ።

«ዋሽቻቸው።»

«ምን ብለሽ?»

መልስ ልፈልግ ነበር፤ መሰላል ላይ ሆኖ ግን መልስ አይፈለግም። «ተርስታን ይመጣል ብዬ» አልኩት።

ከ1920 ወዲህ ያንን ስም በሰው መሐል ጮክ ብዬ ስናገር የመጀመሪያዬ ነው። ብርጭቆ የያዙት ሰዎች ወደ ብርጭቋቸው አዩ። አሞስ ግን ወርጄ ቅርጫቱን መሬት ባነጠፍኩት አንሶላ ላይ እስክደፋ ድረስ መሰላሉን አልለቀቀም። ከዚያ ወደ እኔ ሳያይ እንዲህ አለ፦

«የላይኛው ማሳዬ ካብ የእሱ ነው። አንድ ድንጋይ አልወደቀም። ሰውየውን አልወደውም ነበር፣ ሄስተር።»

«አውቃለሁ።»

«ካቡን ግን በየቀኑ ነው የማየው» አለና ሄደ።

ይህ ወሬ ነው፤ ለሜርል ጫና እንዲሆን አይደለም። ንቦቹን አዲስ ቀፎ ውስጥ አግብቻቸዋለሁ። ይቀመጡ ይሂዱ ገና አልታወቀም።

ሄስተር


ኦማሩ
ኦገስት 3 ቀን 1958

ወይዘሪት ሃርከር፣

ደህና ነዎት ብዬ እጀምራለሁ፤ ክሊፎርድ እንዲህ ነው የሚጀመረው ብሎኛል። የምጽፈው እኔ ሜርል ነኝ። ደብዳቤ መጻፍ ሥራዬ አይደለም፤ ስለዚህ እንዳለ ይቀበሉኝ።

የኤፕሪሉን ደብዳቤዎን ሳነብ ተናድጄ ነበር። እርስዎ ላይ ሳይሆን ወንድምዎ ላይ። ሰው እምቢ ማለት ይችል ኖሯል? ሮይን ማንም አልጠየቀውም። ሮይም እምቢ የሚባል ነገር መኖሩን ሳያውቅ ነው የሞተው። ሲዘምት ገና ጺሙ እንኳ አልሞላም ነበር። ይህንን ለማን እንደምናገር ስላላወቅሁ ስለ ድንች አወራሁ።

ልጁ ጁላይ 14 ተወለደ። ወንድ ነው። ስም የለውም ብዬ ቆየሁ። አዋላጇ በየቀኑ ትጠይቀኛለች፤ እኔ ነገ እላታለሁ። በመሐሉ ክሊፎርድ የጁኑን ደብዳቤዎን ይዞልኝ መጣ። አልጋ ላይ ሆኜ አነበብኩት። በመሰላሉ ሳቅሁና ስፌቴ አመመኝ። ፎቶግራፉንም አየሁ። የክሊፎርድ አባት እንዲህ ሲስቅ አይቼው አላውቅም።

ከዚያ ነው ያሰብኩት። የሮይ ስም አደባባዩ ላይ፣ ድንጋዩ ላይ ተቀርጿል። እናቴ በየዓመቱ በብሩሽ ታጥበዋለች። በኤፕሪል ከተማው ሁሉ ቆሞ ይሰማዋል፣ ከንቲባው ራሱ ነው የሚያነበው። ሮይ ስሙን የሚጠራለት ከተማ ሙሉ ሰው አለው። የእርስዎ ወንድም ያለው እርስዎና ንቦችዎ ናችሁ፤ እነሱም አኩርፈው ወጥተዋል።

ልጁ ተርስታን ነው።

ክሊፎርድ ሮይን ሁለተኛ ስም አድርገን እንጨምር አለኝ። እምቢ አልኩት። ሮይ የማንም ጭራ አይሆንም። ሌላ ልጅ ከመጣ ሮይ ይባላል፣ ካልመጣም ሮይ ያው ሮይ ነው። ይህኛው ሲያድግ ሁለቱንም እነግረዋለሁ፤ አልዘምትም ያለውንም፣ ዘምቶ የቀረውንም። ማንን እንደሚመስል እሱ ይወስናል።

እስካሁን ባለው ግን የሚመስለው ዘማሪውን ነው። ሰው ሁሉ አልቅሶ ሲጨርስ እሱ አይጨርስም። እኛ ቁጭ ብለን እንጠብቀዋለን። ጎረቤታችን ከወዲሁ ስታን ትለዋለች፤ ተርስታን ነው አልኳት። በእኔ ዘመን ማንም አያሳጥረውም።

አንድ ነገር ልለምንዎ። ተቀምጠው ከሆነ ለንቦቹ ይንገሩልን። ክብደቱንም ይጨምሩ፤ ድንጋይ ነው።

ሜርል ሃርከር


ካርስዌይት
ኦገስት 17 ቀን 1958

ለውድ ሜርል፣ ለክሊፎርድ፣ ለተርስታንም፣

በረከት ይብዛላችሁ፤ ለእሱም ዕድሜ፣ ለእናንተም እንቅልፍ።

ንቦቹ ተቀምጠዋል። ደብዳቤሽ የደረሰው ትናንት ነው። ምን እንዳደረግሁ ከመናገሬ በፊት ምን እንዳላደረግሁ ልንገርሽ፦ አላለቀስኩም። ፖስተኛው ግን ውሃ አመጣልኝ።

ቁልፉንና ለልደት የሚሰጣቸውን ቁራጭ ኬክ ይዤ ወጣሁ። አሞስ ካልቨርት ከካቡ ማዶ በጎቹን እያየ ነበር፤ ወይም በጎቹን የሚያይ ይመስል ነበር። ፖስተኛው ከእኔ ቀጥሎ የሚያልፈው በእሱ ደጅ ነው። ባርኔጣውን ነካ አደረገ። ንቡን ስለሚፈራ አልቀረበም፤ አልሄደምም።

አዲሱን ቀፎ አንኳኳሁ። እንደ ሁልጊዜው ጎንበስ ብዬ፣ ለእነሱ ብቻ በሚሰማ ድምፅ ነገርኳቸው። ስሙን፣ የተወለደበትን ቀን፣ ክብደቱን። ሹክ ማለት ነው የለመድኩት።

አሞስ ከማዶ «ጮክ በይ እንጂ» አለኝ። «እኔ በአንድ ጆሮ ነው የምሰማው።»

ቀና ብዬ ጮክ ብዬ ነገርኳቸው።

አክስታችሁ
ሄስተር